እትዬ ቀኑን ያልሞላችበት ወረቀት

መጻፍ ለእኔ ቀላል ነገር አይደለም። የተጫነ መኪና ዳገት ላይ አቁመህ እንደገና አስነሳ ቢሉኝ ይሻለኛል። ግን የእትዬ ታናሽ እህት ባለፈው ሰሞን ጠርታኝ፣ «እኔ የማውቀው የቤቷን ነው፤ የሥራ ቦታዋን አላውቅም። አብራችሁ የሠራችሁ ሁላችሁም የምታስታውሱትን ጻፉልኝ» አለችኝ። «ሌሎቹ ይጻፉልሽ፣ እነሱ የተማሩ ናቸው» አልኳት። «እነሱም ይጽፋሉ፣ አንተም ትጽፋለህ» አለች። እምቢ ማለት ከድሮም አይሆንልኝም። እንግዲህ የተሳሳትኩት ካለ እለፉኝ፤ ያየሁትንና የሰማሁትን ብቻ ነው የማስቀምጠው።

ድርጅታችን መጥረጊያና ብሩሽ ይሠራል። ታች ቤት ሠራተኞቹ የብሩሹን ፀጉር በሽቦ ያስራሉ፣ በኮላ ያጣብቃሉ፣ እጀታ ይገጥማሉ። በእንጨቱ ደረጃ ወደ ላይ ሲወጣ ደግሞ አንድ መስኮት ብቻ ያላት ክፍል አለች። የሽያጭ ክፍል የሚሏት እሷን ነው። አራት ጠረጴዛ፣ አንድ ስልክ፣ ግድግዳው ላይ የተሰቀለ ዓይነት በዓይነት ብሩሽ፦ የጫማ፣ የቀለም፣ የጠርሙስ ማጠቢያ። ደረጃው ሦስተኛው ላይ ይጮሃል። እኔ የዚያች ክፍል ሾፌር ነኝ። ትንሿን ነጭ መኪና የምነዳው፣ ዕቃውንም በየሱቁ የማወርደው እኔ ነኝ።

የክፍሉ ኃላፊ እትዬ ነበረች። በዕድሜ በሦስት ዓመት እበልጣታለሁ፤ ቢሆንም እትዬ ነበር የምላት። ሁሉም እትዬ ነበር የሚላት። የድርጅቱ ባለቤት፣ አባቷ ሊሆኑ የሚችሉት ሰውዬ እንኳ፣ ነገር ሲከርባቸው «እስቲ እትዬን ጥሯት» ይሉ ነበር።

የተቀጠረችው በአሥራ ሰባት ዓመቷ ነው አሉ፣ ታች ቤት፣ ሽቦ ማሰር ላይ። ቀኝ አውራ ጣቷ ላይ የሽቦው ጠባሳ ነበር። አባትና እናቷ ቀድመው ስለሞቱ ታናሿን ያሳደገቻት በዚያ ጣት ነው። ትዳር አልያዘችም። ከሽያጭ ሠራተኞቹ አንዱ፣ አፉ ስለማይዘጋ ሬዲዮ ብለን የምንጠራው ልጅ፣ አንድ ቀን ድፍረቱ መጣና፣ «እትዬ፣ እስከ ዛሬ ባል ያላገባሽው ለምንድን ነው?» አላት።

«ሞክሬ አይቻቸዋለሁ፤ ሁሉም አቧራ ያስቀራሉ» አለችው፣ ከወረቀቷ ቀና ሳትል።

ክፍሉ በሳቅ ፈረሰ። እሷ ግን አልሳቀችም፤ እንዲህ ስትቀልድ ፊቷ ንቅንቅ አይልም።

አሻሻጧ እንደ ሌላው ሰው አልነበረም። አዲስ ሱቅ ስትገባ ቦርሳዋን አትከፍትም፣ ስለ ዕቃው አታወራም። መጥረጊያዋን ታነሳና በረንዳውን ትጠርጋለች። ባለ ሱቁ «ኧረ ተይ፣ ምን ማለት ነው ይኼ!» እያለ ከኋላዋ ይሮጣል። እሷ ጠርጋ ትጨርስና የመጥረጊያውን አፍ ታሳየዋለች፦ «አንድም ፀጉር አልወደቀም፤ ይቁጠሩት።» በቃ። አንድ ትልቅ ሆቴል ደንበኛችን የሆነው እንዲሁ ነው። የጽዳት ኃላፊዋ ቁጡ ሴት ናት፤ የጠባቂው ጫማ እንኳ ካልተወለወለ አታሳልፍም። እትዬ የሆቴሉን ኮሪደር ከዳር እስከ ዳር ስትጠርግላት እጇን ወገቧ ላይ አድርጋ አየቻትና፣ «አንቺ ለምን እዚህ አትቀጠሪም?» አለቻት። ከዚያ ቀን ጀምሮ እንደ እህትማማች ሆኑ።

ስለ ራሴም አንድ ነገር ማለት አለብኝ፣ ባልወድም። እኔ ፊደል በደንብ አልቆጠርኩም። ይህንን በሥራ ቦታ ማንም አያውቅም ነበር። ሱቆቹን የምለያቸው በበራቸው ቀለም ነበር። አንድ ጊዜ አረንጓዴ በር የነበረው ሱቅ በሩን ሰማያዊ ቀባና የእሱን ጭነት በሙሉ ለሌላ ሰው አወረድኩ። ሬዲዮ «ሰውዬው ምን ነካው?» እያለ ሲጮህ እኔ ውሃ ሆንኩ። እትዬ ዝም ብላ አየችኝ። በማግስቱ የሱቆቹን ዝርዝር ስትሰጠኝ ከየስሙ አጠገብ ትንንሽ ሥዕል ነበረበት። በር፣ ዛፍ፣ ፀጉር ቤቱ አጠገብ ላለው ሱቅ ደግሞ መቀስ። ሰው እንዳያይብኝ ወረቀቱን አጥፋ ነው የሰጠችኝ። ከወር በኋላ አንዱ ሥዕል ቀረና ስሙ ብቻውን ሆነ። ቀጥሎ ሌላው። እንዲህ እየቀነሰች፣ እየቀነሰች፣ ዓመት ከመንፈቅ ሲሆን ወረቀቱ ላይ የቀረችው መቀሷ ብቻ ነበረች። «እሷን ለጌጥ ተውኳት፣ ወንድምዓለም» አለችኝ። ስለዚህ ጉዳይ ከአፏ የወጣው ይኼው ብቻ ነው።

ወደ ነገሩ ልምጣ።

ሆዷን ማመም የጀመራት በክረምት ነው። ሐኪም ቤት የማመላልሳት እኔ ነበርኩ። በመጨረሻ ሁሉንም ምርመራ ጨርሰው የነገሯት ቀን፣ ወጥታ አጠገቤ ተቀመጠች። ጠየቅኳት ማለት አልችልም፤ ሞተሩን አስነሳሁ። እሷ ቀና ብላ የመሃሉን መስታወት በጣቷ አስተካከለችና፣ «ይኼ መስታወትህ ተጣሞ ነው ወንድምዓለም፣ እንዴት ነው ወደ ኋላ የምታየው?» አለች።

በማግስቱ ካርቶን ተሸክሜ ደረጃ ላይ ነበርኩ። የባለቤቱ በር ገርበብ ብሏል። መስማት ፈልጌ አልነበረም፤ ግን ደረጃው ይጮሃል ብዬ መንቀሳቀስም ፈራሁ።

«አንቺ ከሌለሽ እነሱን ማን ይመራቸዋል?» ይላሉ ሰውዬው። «አንድ አከፋፋይ አግኝቻለሁ። ዕቃውን በሙሉ ከበር ይረከበኛል። የሽያጭ ክፍል ምን ያደርግልኛል ከዚያ በኋላ?»

«አራቱ ሰዎችስ ጋሼ?»

«ምን ላድርግ ታዲያ? ሌላ ቦታ ይፈልጋሉ።»

«ሦስት ወር ይስጡኝ። ሽያጩ ካልወረደ አይንኳቸው። ከወረደ እንዳሻዎ።»

«ተጠባባቂ ኃላፊ ማንን ልታደርጊ ነው? ያንን ለፍላፊ?»

«ሙሉውን ለማንም አልሰጥም። እከፋፍለዋለሁ።»

«አራት ጭንቅላት ያለው ኃላፊ!» ብለው ሳቁ ሰውዬው። ቆይተው ግን «ሦስት ወር» አሉ።

እኔ ካርቶኑን እንደታቀፍኩ ቀረሁ። በዕድሜዬ ሌላ ሥራ ማን ይሰጠኛል? ደግሞ ይቅርታ አድርጉልኝ፣ በዚያች ደቂቃ ያሰብኩት የእሷን ሕመም ሳይሆን የራሴን ሥራ ነበር። እስከ ዛሬ ይቆጨኛል።

ዓርብ ቀትር ላይ ሰበሰበችን። እኛ ማለት አራት ሰዎች ነን። አንደኛው ሬዲዮ። ሁለተኛዋ ስልከኛዋ፣ ትእዛዝ በስልክ የምትቀበል፣ ጽሕፈቷ እንደታተመ የሚያምር ልጅ። ሦስተኛው አባ ቀስ፤ ሽማግሌ ሽያጭ ሠራተኛ ናቸው፣ አንድ ቃል ከአፋቸው እስኪወጣ ሻይ ይቀዘቅዛል። አራተኛ እኔ። ሬዲዮ የዚያን ቀን የተተኮሰ ኮት ለብሶ መጥቶ ነበር። ሁላችንም ኃላፊነቱን ለእሱ የምትሰጥ መስሎን ነበር፤ እሱማ እርግጠኛ ነበር።

«የጠዋቱን ስብሰባ አባባ ይመሩታል» አለች እትዬ።

ስብሰባ ስላችሁ ትልቅ ነገር አይደለም። በየጠዋቱ ጠረጴዛዋን ከብበን እንቆምና እያንዳንዱ ዛሬ የት እንደሚሄድ፣ ትናንት ምን እንደገጠመው ይናገራል። መቀመጥ የለም። የተቀመጠ ሰው ወሬ ያበዛል ትል ነበር።

አባ ቀስ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «እኔ… እስክናገር… ሱቁ ሁሉ ይዘጋል እኮ ልጄ።»

«ለዚሁ ነው። እርስዎ እስኪናገሩ ድረስ ሌላው ይናገራል።»

ትልልቆቹን ደንበኞች፣ ሆቴሉን፣ ትምህርት ቤቶቹን፣ ለስልከኛዋ ሰጠች። አዲስ ደንበኛ መፈለግን ለሬዲዮ። ግን ሬዲዮ ቅናሽ ለመፍቀድ ስልከኛዋ መፈረም አለባት፤ ስልከኛዋም ብትፈልግ እሱ መፈረም አለበት።

«ይኼማ ጋብቻ ነው!» አለ ሬዲዮ። «እኔ ደግሞ ለሹመት ብዬ ኮት ለብሼ መጥቻለሁ!»

«ለሠርግህም ይሆናል፣ አታውልቀው» አለችው ስልከኛዋ፣ ሳቋን እያፈነች።

ከዚያ እትዬ ወደ እኔ ዞረች። እኔ በር አጠገብ ነበርኩ፤ እንደጨረሰች ውልቅ ልል።

«ወቀሳ ተቀባይ ወንድምዓለም ነው» አለች።

ጆሮዬን አላመንኩም።

«እኛ ስንሄድ ሻይ ይጋብዙናል፣ ይስቁልናል» አለች። «ዕቃ ሲያወርድ ግን እውነቱን የሚነግሩት ለእሱ ነው። እጀታው ተሰበረ፣ ዘገያችሁ፣ ሬዲዮ ዋሸን… ሁሉንም። የሰማውን በማግስቱ ጠዋት ቆሞ፣ ድምፁን አውጥቶ ይናገራል። የሚመለከተው ሰው ማንም ይሁን ማን፣ አንድ ቀን አያሳድረውም።»

ደብተር ሰጠችኝ። በማስመሪያ ሦስት ቦታ ከፍላዋለች፦ ማን አለ፣ ምን አለ፣ ምን መለስን። አሁን ይህን የምጽፈው በዚያው ደብተር በስተጀርባ ባሉት ገጾች ነው።

ሁለት ነገር ጨመረች። ወንበሯ ላይ ማንም እንዳይቀመጥ፣ ባዶም እንዳይቆይ። «ናሙና ደርድሩበት። ባዶ ከሆነ ቀኑን ሙሉ እሱን ስታዩ ትውላላችሁ።» ሁለተኛው፣ ማንም ስልክ እንዳይደውልላት። ዓርብ ዓርብ ከቀትር በፊት እኔ ብቻ ቤቷ እሄዳለሁ፣ ወቀሳውን ብቻ አነብላታለሁ። ሌላ ነገር አትጠየቅም።

በመጨረሻ ለእያንዳንዳችን አንዳንድ የታጠፈ ወረቀት ሰጠችን። የየራሳችን ሥራ ተጽፎበታል። የእኔን መኪና ውስጥ ሆኜ ቀስ ብዬ አነበብኩት። ታች እንዲህ ይላል፦ «ይህ አሠራር የሚቆየው እስከ» ይልና፣ ባዶ ቦታ፣ ከዚያ «ድረስ ነው»። ቀኑ አልተጻፈም። እኔ እንጃ፣ በመጀመሪያ ደነገጥኩ። ከዚያ ግን፣ ለሌሎቹ ጽፋላቸው ይሆናል፣ እኔ ማንበብ ስለምቸገር ለእኔ መሙላት አላስፈለጋትም ብዬ አሰብኩ። ልጠይቅ? ማንን? «የእኔ ወረቀት ላይ ቀን የለም» ብል፣ «እስቲ አምጣው፣ አንብበው» ቢሉኝስ? አጣጥፌ ከመኪናው መከዳ ሥር ከተትኩት።

የመጀመሪያው ጠዋት እንዴት እንደነበረ አትጠይቁኝ። ደብተሩን ገለጥኩ፣ ፊደሎቹ ተተራመሱብኝ። «ባለ… ባለ ሰማያዊ በሩ… እጀታው…» ብዬ ቆምኩ። ሬዲዮ ሊጨርስልኝ አፉን ከፈተ። አባ ቀስ እጃቸውን አነሱበት። «ጊዜ… አለን» አሉ። ጠበቁኝ። «እጀታው አጥሯል ይላል» አልኩ። ያን ጊዜ ለምን አባ ቀስን እንደመረጠች ገባኝ። ሌላ ሰው ቢሆን እኔ ዳግመኛ አፌን አልከፍትም ነበር።

ዓርብ ዓርብ እሄድላታለሁ። እህቷ በሩን ትከፍትልኛለች። አልጋዋ መስኮቱ ሥር ነው። ገና ስገባ «ወቀሳ አምጣ» ትላለች። አነብላታለሁ፣ ስሳሳት አታርመኝም፤ ራሴ ተመልሼ እስካገኘው ዓይኗን ጨፍና ትጠብቃለች። አንዱ ባለ ሱቅ «የላካችሁልኝ መጥረጊያ ከሚስቴ ይልቅ ይጮሃል» ብሎ ነበር፤ እሱን ሳነብላት ሆዷን ይዛ ሳቀች፣ ከዚያ ሳቁ አሳመማት። እህቷ ከጓዳ ብቅ አለችና ዓይኗን አፈጠጠችብኝ። «ተይው» አለቻት እትዬ። «መድኃኒቴን ነው ያመጣልኝ።»

በየሳምንቱ ብርድ ልብሱ ሥር ያለው ሰውነቷ ያንስ ነበር። መጀመሪያ ቁጭ ብላ ትቀበለኝ ነበር፣ ቀጥሎ ትራስ ተደግፋ፣ ቀጥሎ ተጋድማ። ያ ወፍራም አውራ ጣቷ እንኳ ቀጠነ። እኔ ግን «እስከ» ከሚለው ቃል በኋላ ቀን አለ፣ ሌሎቹ ያውቁታል፣ ያ ቀን ሲደርስ ደረጃውን ትወጣለች ብዬ ነበር የማስበው። ደንበኞቹም ሲጠይቁኝ «ትመጣለች» እላለሁ። የሆቴሏ ሴትዮ በሄድኩ ቁጥር «ጓደኛዬስ?» ትለኛለች። «ትመጣለች» እላታለሁ። «መቼ?» ትላለች። «በቅርቡ።»

ሥራው አልቆመም። እውነቱን ለመናገር በደንብ ሄደ። ሬዲዮ ሦስት አዲስ ሱቅ አመጣ፤ ከስልከኛዋ ጋር በቅናሽ ነገር በየቀኑ ይጨቃጨቃሉ። «ፈርሚ እንጂ፣ ልቤን እንኳ ያላንቺ ፊርማ አልሰጥም!» ይላታል። «ልብህ ቅናሽ በዝቶበታል» ትለዋለች። አባ ቀስ መሃል ቆመው ያዳምጣሉ።

ሁለት ወር እንዳለፈ ክፉ ወቀሳ መጣብኝ። የሆቴሏ ሴትዮ አንድ መጥረጊያ አንስታ ወለሉ ላይ አንድ ጊዜ ሳበችው፤ ፀጉሩ እንደ ድመት ፀጉር ተበተነ። «ይኼ ምንድን ነው? ኮላችሁን ምን ነካው?» አለችኝ። የነካውን አውቃለሁ። ባለቤቱ ርካሽ ኮላ አስመጥተዋል፤ በርሜሉን ያወረድኩት ራሴ ነኝ። ሰኞ ሰኞ ደግሞ ሰውዬው በጠዋቱ ስብሰባ ላይ ይገኛሉ። በሰዎቹ ሁሉ ፊት፣ እሳቸው ቆመው፣ «ጥፋቱ የእርስዎ ነው» ልበል? እኔ? ሰኞ ዝም አልኩ። ማክሰኞ እሳቸው ባይኖሩም ዝም አልኩ፤ ወሬው ይደርሳቸዋል ብዬ። እንዲሁ ሳምንቱ አለቀ።

ዓርብ እትዬ «ወቀሳ አምጣ» ስትለኝ፣ «በዚህ ሳምንት የለም» አልኳት።

ዓይኗን ከፈተች። ብዙ አየችኝ።

«ወቀሳ የሌለበት ሳምንት አይቼ አላውቅም፣ ወንድምዓለም።»

አንገቴን ደፋሁ። ከዚያ ነገርኳት፣ ሁሉንም። ትቆጣኛለች ብዬ ነበር። እሷ ግን ከሁሉ የከፋውን አለችኝ፦ «ለእኔ ምን ትነግረኛለህ? እኔ ምን ላደርግ እችላለሁ ከዚህ አልጋ ላይ? ለእነሱ ንገር።»

ሰኞ ጠዋት ተናገርኩ። ደብተሩን አልገለጥኩም። «ሆቴሉ የመጥረጊያው ፀጉር ይረግፋል ይላል። ከአዲሱ ኮላ ወዲህ ነው። አንድ ሳምንት የደበቅኩት እኔ ነኝ» አልኩ። ሰውዬው ፊታቸውን አጨፈገጉ። «ኮላ የት ታውቃለህ አንተ? ሾፌር አይደለህም እንዴ?» አሉኝ።

ያን ጊዜ ስልከኛዋ መሳቢያዋን ከፈተችና አንድ ፌስታል አወጣች፤ የረገፈ ፀጉር ሞልቶበታል። ትምህርት ቤቱ ልኮላት፣ እሷም ፈርታ ደብቃው ኖሯል። አባ ቀስ ከእትዬ ወንበር ላይ አዲስ ናሙና አነሱ። በአውራ ጣታቸው፣ ልክ እትዬ እንደምታደርገው፣ ቀስ ብለው ጎተቱት። እፍኝ ሙሉ ፀጉር ወጣ። ሰውዬው መዳፍ ላይ አስቀመጡላቸው።

ሰውዬው እፍኙን ይዘው ደረጃውን ወረዱ። ሐሙስ ዕለት የድሮው ኮላ ተመልሶ መጣ።

ሦስት ወሩ ሲሞላ ባለቤቱ ወደ ላይ ወጡ። ቆመን ነበር። «አከፋፋዩን ትቼዋለሁ» አሉ። «ትቀጥላላችሁ።» ሬዲዮ ስልከኛዋን ሊያቅፍ እጁን ዘረጋና አፍሮ እኔን አቀፈኝ። አባ ቀስ መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጉ። እኔ በልቤ፣ ዓርብ ይህን ስነግራት ምን ትል ይሆን እያልኩ ነበር።

«እንግዲህ እትዬ የምትመለሰው መቼ ነው?» አሉ ሰውዬው። «ወረቀታችሁ ላይ ቀን አለ አይደል?»

እኔ ስልከኛዋን አየሁ። ስልከኛዋ አባ ቀስን አየች። አባ ቀስ ሬዲዮን አዩ። ሬዲዮ እኔን።

«የእኔ ላይ የለም» አለች ስልከኛዋ ቀስ ብላ። «ከጋሼና ከአባባ ጋር የተነጋገረችበት ጉዳይ መስሎኝ ነው።»

«እኔ… ለወጣቶቹ… ነግራቸዋለች ብዬ ነው» አሉ አባ ቀስ። «ሽማግሌ… ይረሳል ብላ።»

«እኔ ደግሞ አፌ ስለማያርፍ ከእኔ የደበቃችሁኝ መስሎኝ ነበር» አለ ሬዲዮ። ድምፁ ተሰባበረ። ሬዲዮ እንዲህ ሲናገር ሰምቼው አላውቅም።

ወደ መኪናው ወርጄ የእኔን ከመከዳው ሥር አወጣሁት። አራቱን ጠረጴዛው ላይ ደረደርናቸው። አራቱም «እስከ» ይላሉ፣ አራቱም ባዶ ናቸው። እያንዳንዳችን በየራሳችን ሐፍረት ዝም ብለን፣ ሦስት ወር ሙሉ ሌላው ያውቃል ብለን ኖረናል። አንድ ሰው አንድ ቀን ቢጠይቅ ኖሮ…

ሰውዬው ባርኔጣቸውን አነሱና ወረዱ። ሦስተኛው ደረጃ ጮኸ።

ዓርብ አራቱን ወረቀት ይዤ ሄድኩ። ሌሎቹ «ትሙላልን» ብለው ነው የላኩኝ፤ ምን ማለታቸው እንደሆነ እነሱም አያውቁትም። የአከፋፋዩን ነገር ነገርኳት። ፈገግ አለች፣ በዓይኗ ብቻ። ከዚያ ወረቀቶቹን አልጋዋ ላይ ዘረጋሁ። ባዶ ቦታውን በጣቴ አሳየኋት።

አንዱን ወረቀት በጣቷ ነካች።

«ቀን ብጽፍ ምን ታደርጉ ነበር ወንድምዓለም?»

«እንጠብቅሽ ነበር።»

«ለዚያ ነው ያልጻፍኩት።»

ያላሰብኩት ነገር ከአፌ ወጣ። «ባትጽፊውም እኮ ጠበቅንሽ» አልኳት።

ፊቷን ወደ መስኮቱ አዞረች። ትከሻዋ ሲንቀጠቀጥ አየሁ። ምን ነካኝ ብዬ ራሴን ረገምኩ፤ የታመመ ሰው ፊት እንዲህ ይባላል? መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ። ቆይታ፣ ሳትዞር፣ «ይኼ ያንተ የራስህ ወቀሳ ነው» አለች። «የመጀመሪያህ። ደብተሩ ላይ አስፍረው።»

«እትዬ፣ እኔ እኮ—»

«አስፍረው። ልክ ነህ። ልነግራችሁ ይገባ ነበር። አፍ አጣሁ።»

እዚያው አልጋዋ አጠገብ ቁጭ ብዬ ጻፍኩት። ማን አለ፦ ሾፌሩ። ምን አለ፦ ጠበቅንሽ። ሦስተኛው ቦታ ላይ ስደርስ ብዕሩን ከእጄ ወሰደችው። ትንሽ ነገር ሣለች። መቀስ ናት። ከዚያ ደከማት፣ ዓይኗን ጨፈነች።

እህቷ ሆይ፣ ይህን ነግሬሽ አላውቅም፤ አንቺ ጓዳ ነበርሽ። ሳቀች እንዳትዪኝ፣ አለቀሰችም እንዳትዪኝ። ሁለቱንም ነበር።

ከዚያ በኋላ ዘጠኝ ቀን ቆየች። እሑድ ሞተች። ነፍሷን ይማር። የቀበርናት ዕለት ሬዲዮ ያንን ኮት ለብሶ ነበር፣ አንድም ቃል አልተናገረም። ባለቤቱ ከሁላችንም ኋላ ብቻቸውን ቆሙ።

ከሳምንት በኋላ አባ ቀስ ናሙናዎቹን ከወንበሩ ላይ አንድ በአንድ አነሱ። ጊዜ ወሰደባቸው፤ ማንም አላጣደፋቸውም። ጨርሰው ስልከኛዋን በእጃቸው ጠሯት። «ተቀመጪ… ልጄ» አሉ። ጫፉ ላይ ተቀመጠች፣ እንግዳ ቤት እንደሄደ ሰው። ፊቷን በሁለት እጇ ሸፈነች። እኛ ቆመን ጠበቅናት። ሬዲዮ ዛሬም ቅናሽ ሲፈልግ እሷን ያስፈርማል። ያን ሰሞን ደግሞ በመኪናው መስታወት አየሁት፤ አዲስ ሱቅ ፊት ቆሞ፣ ቦርሳውን ሳይከፍት፣ በረንዳ ይጠርጋል።

ሆቴሉ ዕቃ ያደረስኩት በዚያው ሳምንት ነው። ሴትዮዋ ከሩቅ አየችኝና፣ «ዛሬስ? ጓደኛዬን አላመጣኸትም?» አለች። ነገርኳት። መጥረጊያውን ከእጇ አላስቀመጠችም፤ ተደግፋው ቆመች። ከዚያ ደሟ ፈላ። «ሦስት ወር ሙሉ ትመጣለች፣ ትመጣለች ስትለኝ! ቤቷን ብታሳየኝ ሄጄ አላያትም ነበር? አንድ ቀን እንኳ ወለሏን አልጠርግላትም ነበር?» አለችኝ። ዕቃውን አወረድኩ።

ደንቡ ደንብ ነው። በማግስቱ ጠዋት ቆምኩ። ድምፄን አወጣሁ። «የሆቴሏ ሴትዮ፣ ሳልሰናበታት አስቀራችሁኝ ትላለች» አልኩ። ስልከኛዋ አንገቷን ደፋች። ሬዲዮ መስኮቱን ያያል። አባ ቀስ አፋቸውን ከፈቱ፤ ብዙ ጠበቅናቸው። ምንም አልወጣም።

ደብተሩ ይኸውና ፊቴ ነው። ማን አለ፣ ተጽፏል። ምን አለ፣ ተጽፏል። ሦስተኛው ቦታ እስካሁን ባዶ ነው።